ሰልፍ ብቻ አትጠብቁ፦ ስለ ከተማ ንቅናቄና ማህበራዊ ፍትህ ስትጽፉ ልታስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ግንቦት ሲገባ ባሕር ዳር ላይ ሁለት ነገር ይበዛል፦ ማንጎና የመመረቂያ ጽሑፍ። የባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ ፔዳ ግቢ አካባቢ ያሉት ፎቶ ኮፒ ቤቶች እስከ ማታ ሥራ አይፈቱም። ከሚታተመው ውስጥ የተወሰነው "እስቲ አንድ ጊዜ እይልኝ" እየተባለ እኔ ጋ ይደርሳል። በተለይ ስለ ከተማ መብት (ነዋሪው ከተማውን የመጠቀምና ስለ ከተማው የመወሰን መብት)፣ ስለ መፈናቀል፣ ስለ ሠፈር ኮሚቴና ስለ ጣና ዳርቻ የሚጻፈው። ጸሐፊዎቹ ብዙ ጊዜ ጎበዞች ናቸው። አንብበዋል፣ ለፍተዋል። የሚወድቁት ግን ተመሳሳይ ቦታ ላይ ነው። ሰዎቹ ያደረጉትን በደንብ ሳያዩ ያደረጉት ምን እንደሚባል ቀድመው ይወስናሉ። ከታች የምዘረዝራቸው ስህተቶች አብዛኞቹ ከዚህ የሚመጡ ናቸው።

ሰልፍ ከሌለ ንቅናቄ የለም ማለት

"በባሕር ዳር የከተማ ንቅናቄ ደካማ ነው" ብሎ የሚጀምር ረቂቅ በየዓመቱ አይጠፋም። ማስረጃው ምንድን ነው? ሰልፍ አልተካሄደም። ባነር የያዘ ሰው አልታየም። የተመዘገበ ድርጅት የለም። አለቀ።

እስቲ ወደ ከተማው ዳር ውጡ። በዘንዘልማ ወይም በመሸንቲ በኩል ወዳሉት አዳዲስ ሠፈሮች ሂዱና የጨረቃ ቤት እንዴት እንደሚሠራ ጠይቁ። መጀመሪያ አንድ ሰው ከገበሬ ላይ በመንደር ውል ቦታ ይገዛል። በአንድ ሌሊት ምሰሶ ይቆማል፣ ቆርቆሮ ይመታል። ከዚያ ጎረቤት ይመጣል። መብራት ከሩቅ ቆጣሪ በገመድ ይሳባል። አባወራው በርከት ሲል እድር ይቋቋማል። እድሩ የሚገዛው ድንኳንና ወንበር ብቻ አይደለም። ገንዘብ አዋጥቶ ጠጠር ያስደፋል፣ የመንገዱን ስፋት በሽማግሌ ያስወስናል። ቦኖ ውሃ እንዲገባላቸው የሚጠይቁ ሰዎች መርጦ ወደ ቀበሌ ይልካል። እነዚህ ሰዎች አንድ ክላሰር ይዘው ነው የሚዞሩት። ክላሰሩ ውስጥ የአቤቱታ ግልባጭ አለ፣ የነዋሪው ስምና ፊርማ አለ፣ የልጆች የክትባት ካርድ ሳይቀር አለ። "እዚህ እንኖራለን" ለማለት የሚረዳ ወረቀት ሁሉ ይሰበሰባል።

ቴህራንንና ካይሮን ያጠናው ኢራን ተወላጁ የሶሺዮሎጂ ምሁር አሴፍ ባያት ይህን የመሰለውን "የተራው ሰው ጸጥ ያለ ግስጋሴ" ይለዋል። ድሃው ያለ መሪና ያለ መፈክር ቦታ፣ ውሃና መብራት ቀስ እያለ ይይዛል። አብሮ የሚጮኸው የያዘው ሲነካበት ነው። ስለዚህ አፍራሽ ግብረ ኃይል በመጣበት ቀን ብቻ የደረሰ ተመራማሪ የሚያየው ጩኸቱን ነው። ከዚያ በፊት የነበረው የብዙ ዓመት ሥራ ያመልጠዋል። ያመለጠውን ደግሞ "ድንገተኛ ግጭት" ብሎ ይጽፈዋል።

የዚህ ተቃራኒም አለ፤ እሱም አይሻልም። ባያትን ካነበቡ በኋላ ሁሉ ነገር ተቃውሞ የሚመስላቸው አሉ። ደንብ አስከባሪ ስታይ ቲማቲሟን በማዳበሪያ ጠቅልላ የምትሮጥ የጉልት ነጋዴ "ሥርዓቱን እየታገለች" ትሆናለች። እሷ ቲማቲሟን ነው ያዳነችው። ነገ ከጎኗ ካሉት ጋር ሆና "ተራ ይሰጠን" ብላ ከፈረመች ያን ጊዜ ሌላ ነገር ነው። የምትጽፉት መቼ ከአንዱ ወደ ሌላው እንዳለፈ ነው። እዚያ ማለፊያ ላይ ማን ነበር? መጀመሪያ የፈረመው ማን ነው? አልፈርምም ያለውስ ለምን?

ፓሪስን ጣና ዳር ማምጣት

ፈረንሳዊው ፈላስፋ ሄንሪ ለፌቭር በ1968 እ.ኤ.አ. ስለ ከተማ መብት ሲጽፍ የሚያየው የፈረንሳይን ከተሞች ነበር። ሠራተኛው ከመሃል እየተገፋ ዳር ወደተሠሩት ግዙፍ የጋራ ሕንፃዎች ይሄድ ነበር። የጂኦግራፊ ምሁሩ ዴቪድ ሃርቪ ሐሳቡን ወስዶ ባለሀብት የተትረፈረፈ ገንዘቡን ከተማ ግንባታ ላይ እንዴት እንደሚያፈስ አሳየበት። ሁለቱንም አንብቡ፣ ይጠቅማሉ። ችግሩ የእነሱን ባላንጣ እንዳለ ገልብጦ እዚህ ማስቀመጥ ነው። እዚያ ታሪክ ውስጥ ባላንጣው አብዛኛውን ጊዜ የግል ባለመሬት፣ ባለሕንፃና ባንክ ነው።

እኛ ጋ የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት በ1967 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 47 የመንግሥት ሆነ። ቀበሌም የተቋቋመው በዚያው አዋጅ ነው። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፣ አይሸጥም አይለወጥም ይላል። ከ2004 ዓ.ም. ወዲህ ደግሞ የሊዝ አዋጁ ቁጥር 721 አለ። እንግዲህ ቦታ የሚሰጠው፣ ፕላን የሚያወጣው፣ የሚያስነሣውና ካሳ የሚገምተው አንድ ወገን ነው ማለት ነው። ጥያቄውም በዚያው ልክ ይለወጣል። "ካርታ ይሰጠን"፣ "እንመዝገብ"፣ "ካሳው እንደገና ይታይልን" ይሆናል። ይህ የኪራይ አድማ አይመስልም፤ የግድግዳ ላይ መፈክርም አይመስልም። ፓሪስን የለመደ ዓይን "እነዚህ ሰዎች ሥርዓቱን አልተቃወሙም" ብሎ ያልፋቸዋል። ካርታ ለማግኘት ዓመታት ቢሮ ለቢሮ የተመላለሰ ሰው ግን ቦታው የማን እንደሆነ፣ ማንስ እንደሚወስን ከብዙ መጽሐፍ አንባቢ በላይ ያውቃል።

የካሳን ነገር ደግሞ ሕጉን ሳያዩ መጻፍ ከባድ ጥፋት ነው። የእርሻ መሬቱ ለከተማ የተወሰደበት ገበሬ "ካሳው አነሰን" ሲላችሁ ቀጣዩ ጥያቄያችሁ "መቼ ተነሣችሁ?" ይሁን። በአዋጅ 455/1997 መሬቱን ለሁልጊዜው የለቀቀ ገበሬ የመፈናቀያ ካሳው የሚሰላው ከመነሣቱ በፊት የነበሩት 5 ዓመታት አማካይ ዓመታዊ ገቢ በ10 ተባዝቶ ነበር። አዋጅ 1161/2011 ሲመጣ ካለፉት 3 ዓመታት ከፍተኛው ገቢ ተወስዶ በ15 ይባዛል ተባለ። አንዱ ገበሬ በ2008፣ ጎረቤቱ በ2012 ቢነሣ "አነሰን" የሚለው ቃላቸው አንድ ነው፤ በደላቸው ግን አንድ አይደለም። የመጀመሪያው ምናልባት ስሌቱን ነው የሚከስሰው። ሁለተኛው ስሌቱን ተቀብሎ የምርቱን ዋጋ ማን ገመተው ሊል ይችላል። ሁለቱን "የልማት ተነሺዎች ቅሬታ" በሚል አንድ ርዕስ ካጎራችኋቸው ጉዳያቸውን አጠፋችሁት።

ዓመተ ምህረት ማደባለቅ

ይህ ትንሽ ይመስላል፤ አይደለም። አዋጅ 721/2004 እና አዋጅ 721/2011 አንድ ሕግ ናቸው። አንዱ በእኛ፣ ሌላው በፈረንጅ አቆጣጠር ነው። አዋጅ 1161/2011 ግን የእኛ አቆጣጠር ነው፤ በፈረንጁ 1161/2019 ይባላል። አሁን አንድ ገጽ ላይ "721/2011" እና "1161/2011" ጎን ለጎን ሲቀመጡ አስቡት። የ8 ዓመት ልዩነት ብን ብሎ ጠፋ። አንድ አቆጣጠር ምረጡና መጀመሪያ ገጽ ላይ ተናገሩ። በቃ።

"ያለ ፈቃድ የተካሄደ ሰልፍ"

ይህን ሐረግ ከመግለጫ ላይ ቀድተው የሚጽፉ ብዙ ናቸው። የ1983ቱ አዋጅ ቁጥር 3 የሚለው ሰልፍ ያዘጋጀው ሰው ከ48 ሰዓት በፊት በጽሑፍ ያሳውቅ ነው፤ ፈቃድ ይጠይቅ አይልም። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 30ም ያለ መሣሪያ በሰላም የመሰብሰብና ሰልፍ የመውጣት መብት ይላል። በተግባር ማሳወቂያውን የሚቀበለው ቢሮ ፈቃድ ሰጪ ሆኖ ሲሠራ ካያችሁ፣ ያ ራሱ ግኝት ነውና በደንብ አድርጋችሁ ጻፉት። ማን ደብዳቤ አስገባ? ማን ተቀበለ? ማህተም ተመታበት ወይስ "ነገ ተመለሱ" ተባለ?

ሐይቁን እንደ ፎቶ ጀርባ ማየት

ስለ ባሕር ዳር የሚጻፍ ነገር መግቢያው ላይ ዘንባባ፣ ጣናና ታንኳ አይጠፋም። ከዚያ ምዕራፍ ሁለት ላይ ሐይቁ ይረሳል። ፍትህ የሚባለው ነገር ግን በዚህ ከተማ ከሁሉ በላይ የሚታየው ውሃው ዳር ላይ ነው። ዳርቻውን ማን ያጥራል? ማን ገንዘብ ከፍሎ ይገባል? ማን ደንገል ያጭዳል? ኮሪደር ልማት ሲመጣ ማን ይነሣል፣ ማንስ ወንበር ላይ ቁጭ ብሎ ቡና ይጠጣል?

የነገደ ወይጦ ማህበረሰብን ነገር ውሰዱ። ኑሯቸው ከሐይቁ ጋር የተያያዘ ነው። ከደንገል ታንኳ ይሠራሉ፣ ስፌት ይሰፋሉ፣ ዓሣ ያጠምዳሉ። እንደ ገበሬው ተቆጥሮ የሚሰጥ የእርሻ መሬት አልነበራቸውም። ታዲያ ደንገል ይበቅልበት የነበረው ዳርቻ ወደ እርሻ፣ ወደ መናፈሻና ወደ ሕንፃ ሲለወጥ ያጡትን የትኛው የካሳ ቀመር ይቆጥረዋል? ካሳ የሚከፈለው በይዞታ ለያዘ ሰው ነው። ደንገል ማጨድ ይዞታ አይባልም። የፍትህ ጥያቄ የምትፈልጉ ከሆነ ከዚህ የበለጠ አታገኙም፤ ብዙው ጽሑፍ ግን ታንኳውን ለቱሪዝም ክፍል ይተወዋል።

እምቦጭ የተባለው የውሃ አረምም እንዲሁ ነው። ከ2004 ዓ.ም. ገደማ ጀምሮ በጣና ላይ መታየቱ አሳሳቢ ሆነ። ከዚያ ገበሬው እስከ ወገቡ ውሃ ውስጥ ገብቶ በእጁ ነቀለ። ከሌላ ክልል ወጣቶች መጡ፣ ከውጭ አገር ገንዘብ ተላከ፣ ማሽን ተገዛ። ይህን "የአካባቢ ጥበቃ ዘመቻ" ብሎ ማለፍ ቀላል ነው። የከተማው ሰው ከገጠሩ ጋር በአንድ ጉዳይ ላይ በይፋ የተገናኘበት ትልቅ አጋጣሚ እንደነበር ግን ልብ በሉ። ዘመቻው ውስጥም ዝም የተባለ ጥያቄ ነበር። አበል የተከፈለው ለማን ነው? ነቅሎ የተከመረው አረም የማን ግጦሽ ላይ አረፈ?

ባሕር ሸሽ መሬት ላይ ደግሞ ሌላ ወጥመድ አለ። ውሃው ሲሸሽ ገበሬው የተጋለጠውን መሬት ያርሳል። ጽሑፉ ወዲያው ገበሬውን "ዳርቻውን ያጠፋ" ይለዋል። የሐይቁ ከፍታ ግን ዝናብ ብቻ የሚወስነው አይደለም። አባይ ከጣና በሚወጣበት በጨራጨራ ላይ ከ1988 ዓ.ም. ጀምሮ ውሃውን የሚቆጣጠር ግድብ አለ። በ2002 ዓ.ም. ደግሞ 460 ሜጋ ዋት የሚያመነጨው ጣና በለስ ሥራ ጀመረ፤ ውሃው የሚሳበው ከዚሁ ሐይቅ ነው። ዩኔስኮም በ2015 እ.ኤ.አ. አካባቢውን በባዮስፌር ሪዘርቭነት መዝግቦታል። ስለዚህ አንድ ገበሬ ዳርቻ ላይ ሲያርስ ስታዩ ከጀርባው መብራት ኃይል፣ የከተማ ፕላንና ዓለም አቀፍ የጥበቃ ክልል አሉ። ገበሬውን ብቻውን አታቁሙት።

ሊቀ መንበሩን አናግሮ መመለስ

ተመራማሪው ሠፈር ሲገባ የሚወሰደው ወደ እድሩ ሊቀ መንበር ነው። ጋሼ ወንበር ያወጣሉ፣ ቡና ይፈላል፣ ታሪኩ ይነገራል። ጥሩ ነው። ቡናውን ያፈሉት እትዬ ግን አብዛኛውን ጊዜ ከጋሼ በላይ ያውቃሉ። ፊርማ ለማሰባሰብ በር ለበር የዞሩት እሳቸው ናቸው። በእድሩ መዝገብ ላይ የተጻፈው ግን የባላቸው ስም ነው። መዝገቡን ቆጥሮ "የሴቶች ተሳትፎ አነስተኛ ነው" ብሎ የሚደመድም ሰው መዝገቡን ነው ያጠናው። ሌላ ቀን ተመለሱ። ጋሼ በሌሉበት፣ ጉልት በሚዋልበት ሰዓት። ቲማቲም ግዙ፣ አትቸኩሉ። ተከራዮችንም ጠይቁ፤ ቤቱ ሲፈርስ እቃቸውን ተሸክመው የሚወጡት እነሱ ሆነው ሳለ ካሳ ላይ ስማቸው የለም።

ፌስቡክን መዝገብ ቤት ማድረግ

ስለ ነሐሴ 1 ቀን 2008 ዓ.ም. የባሕር ዳር ሰልፍ የሚጽፉ ሰዎች ማስረጃቸውን በአብዛኛው ከፌስቡክ ይለቅማሉ። በዚያ ቅዳሜና እሁድ ኢንተርኔት ተቋርጦ እንደነበር ይረሳሉ። በሰዓቱ የተለጠፈውን ማን፣ የት ሆኖ ጻፈው? አምነስቲ ኢንተርናሽናል በባሕር ዳር ብቻ ቢያንስ 30 ሰው መገደሉን ዘግቧል። መንግሥት የተናገረው ከዚያ ያነሰ ነው። አንዱን ቁጥር መርጦ ሌላውን መደበቅ አይቻልም። "ቢያንስ" የሚለውንም ቃል አውጥቶ መጣል አይቻልም።

ከዚያ ቀን ጋር የሚመጣ ሌላም ስህተት አለ። የከተማውን የፍትህ ጥያቄ ሁሉ ወደዚያ አንድ ቀን መጠቅለል። ያ ሰልፍ አገራዊና ክልላዊ የፖለቲካ ጥያቄ ያነሣ ነበር። የቦኖ ውሃ የሚጠይቀው ኮሚቴ ሌላ ነው። አንዳንዱ ሰው በሁለቱም ውስጥ ሊኖር ይችላል፤ ያንን ግን ጠይቃችሁ እንጂ ገምታችሁ አትጻፉ።

ለዕለት ተዕለቱ ጥያቄ የሚሻለው ምንጭ ወረቀት ነው። የእድር ቃለ ጉባዔ፣ ቁጥርና ቀን ያለው የቀበሌ ደብዳቤ፣ የቆዩ የክልሉ ጋዜጣ የበኩር እትሞች። የእድር ቃለ ጉባዔ አሰልቺ ነው፤ ስለ ሻይ ማንኪያ መጥፋት ሁለት ገጽ ሊጻፍ ይችላል። ከዚያ መሃል ግን "ስለ መንገዱ ጉዳይ ለሦስተኛ ጊዜ ደብዳቤ እንዲጻፍ ተወሰነ" የሚል አንድ መስመር ይወጣል።

ስም ቀይሮ "ተጠብቋል" ማለት

እዚህ ላይ ቀልድ የለም። "ስማቸው የተቀየረ" ብሎ ይጻፍና ከሥሩ "የእድሩ ጸሐፊ፣ ጡረታ የወጡ መምህር፣ ቤታቸው ከቤተ ክርስቲያኑ ፊት ለፊት" ይላል። ሠፈሩ ውስጥ እንዲህ ያለ ሰው አንድ ነው። ሥራውን ለውጡ፣ ቦታውን አስፉት፤ ካስፈለገ የአንዱን ሰው ንግግር ከፋፍላችሁ በተለያየ ቦታ አስቀምጡ። ማን እንደሆነ ሳይታወቅ ነጥቡ የማይቆም ከሆነ ነጥቡን ተዉት።

ዛሬ ምንም ያልመሰለ ንግግር ነገ ሰው ሊያስጠይቅ ይችላል። ሐምሌ 28 ቀን 2015 ዓ.ም. በአማራ ክልል የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ሲታወጅ፣ ከዚያ በፊት በግልጽ የተቀዳ ድምፅ ሁሉ ክብደቱ ተለወጠ። ድምፅ ስልክ ላይ ይዞ ፍተሻ ማለፍ ሞኝነት ነው። ቅጂውን ወደ ጽሑፍ ለውጡና ከስልክ አጥፉ። የስምምነት ፎርም ማስፈረምም ሁልጊዜ ጥበቃ አይደለም። ፊርማው የሰውየውን ስም በራሱ እጅ የያዘ ወረቀት ነው። በቃል መስማማት ይበቃል፤ ዩኒቨርሲቲው የግድ ፎርም ካላችሁ ቀድማችሁ ተከራከሩ።

ለጓደኛ የማይነገር ዓረፍተ ነገር

"በአካባቢው ሕገ ወጥ ግንባታዎች ላይ እርምጃ ተወስዷል።" ማን ወሰደ? ምን አደረገ? "የክፍለ ከተማው ግብረ ኃይል ከፖሊስ ጋር መጥቶ ቤቶቹን በዶዘር አፈረሰ" ከሆነ የሆነው፣ እንደዚያ ጻፉ። "ባለድርሻ አካላት" እና "ግንዛቤ መፍጠር" የሚሉትንም እንዲሁ። አንድ ገጽ ላይ "ባለድርሻ አካላት" ከሁለት ጊዜ በላይ ሳይ ማንበብ አቆማለሁ። ምናልባት ክፋቴ ነው።

ጽሑፉን ይዞ መጥፋት

ቃለ መጠይቁ አልቆ፣ ጽሑፉ በእንግሊዝኛ ተጽፎ መደርደሪያ ላይ ይቀመጣል። ኮሚቴው "ያ ልጅ የት ደረሰ?" ይላል። ሰዎቹ ጊዜያቸውን የሰጡት አንዱ ምክንያት የሚጻፈው ነገር ከአቤቱታቸው ጋር ተያይዞ ይጠቅማል ብለው ነው። ይጠቅማል ብላችሁ ቃል አትግቡ። በአማርኛ ከአራት አምስት ገጽ የማይበልጥ አጭር ቅጂ አዘጋጁና የእድር ስብሰባ ባለበት ቀን ወስዳችሁ ድምፃችሁን ከፍ አድርጋችሁ አንብቡላቸው። ያርሟችኋል። "ደብዳቤው የገባው ከጥምቀት በፊት ነው እንጂ በኋላ አይደለም" ይላሉ። "እሱ ሰውዬ ከኮሚቴው የወጣው ተጣልቶ ሳይሆን ታሞ ነው" ይላሉ። ሁለት ሰዎች እዚያው እርስ በርሳቸው ይከራከራሉ፤ ያንንም ማስታወሻ ያዙ። ይህ ሁሉ እርማት ወደ ጽሑፉ መግባት ስላለበት ንባቡን የመመረቂያ ጽሑፋችሁን ከምትከላከሉበት ቀን ቢያንስ አንድ ወር አስቀድማችሁ አድርጉት። ግንቦት ላይ ፎቶ ኮፒ ቤት ተሰልፋችሁ ሳለ አይሆንም።